ምዕራፍ 6፦ ታብሌቱ ምን እየጠበቀ ነው?

ከአርባ ምንጭ ጨንቻ 37 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። በዚህ አጭር ርቀት ግን መኪናው ከ1,300 ሜትር ገደማ ተነስቶ 2,700 ሜትር ገደማ ላይ ይወጣል። ከሙዙ አገር የተነሳ ሰው ከፖሙ አገር ይደርሳል፤ አርባ ምንጭ ላይ አውልቆ የያዘውን ሹራብ መንገድ ላይ ካለችው ዶርዜ ሲደርስ መልሶ ይለብሰዋል።

አንድ ታብሌት በዚህ መንገድ ወጣ እንበል። ባለቤቱ የአሥር ዓመት ልጅ ነው፤ ክረምቱን ጨንቻ፣ አያቱ ዘንድ ሊያሳልፍ ነው። አርባ ምንጭ ሳለ የመኪና እሽቅድምድም ጌሙ ሩብ ሰዓት ያህል ከሄደ በኋላ መንቀርፈፍ ይጀምርና ቀጥ ይላል። ጨንቻ ላይ ያው ጌም አንድ ሰዓት ቢጫወትበትም ምንም አይል። በምትኩ ሌላ ጣጣ መጣ፤ ቻርጀር ሲሰካ ልጁ በግራ ነክቶ መኪናው ወደ ቀኝ ይታጠፋል፣ አንዳንዴም ጭራሽ አይሰማም። አባት ጌሙን አጥፍተው እንደገና ጫኑት። አጎት “ቫይረስ ገብቶበታል” አለ። አያት ደግሞ “የልጁን ዓይን ከሚያጠፋ እሱው ይጥፋ” ብለው ነገሩን ቋጩት። ሦስቱም መድኃኒት አዘዋል፤ የመረመረ ግን የለም።

ይህ ምዕራፍ ስለ ምርመራው ነው። ሁሉም የሚንጠለጠለው በአንድ ሐሳብ ላይ ነው፦ ቀጥ ብሎ የቀረ ጌም አብዛኛውን ጊዜ አልሞተም፤ አንድ ነገር እየጠበቀ ነው። ምናልባት በሜሞሪ ውስጥ ቦታ እስኪለቀቅለት ይጠብቃል። ምናልባት ከካርድ የሚመጣ ፋይል፣ ከኔትወርክ የሚመጣ መልስ፣ ወይም ከስክሪኑ የሚመጣ የጣት ምልክት ይጠብቃል። አንዳንዴም የጋለው አካሉ እስኪበርድለት ነው። የሚጠበቀውን ነገር ያገኘ ሰው ጥገናውን በአብዛኛው ጨርሷል።

ሸማኔው ሲነሳ

ጌም የሚንቀሳቀስ የሚመስለን ስዕሉ ቶሎ ቶሎ ስለሚለዋወጥ ነው። የብዙ ታብሌቶች ስክሪን በሰከንድ 60 ጊዜ ይታደሳል። ስለዚህ ጌሙ ለአንዱ ስዕል ያለው ጊዜ 17 ሚሊ ሰከንድ እንኳ አይሞላም። በዚያች ቅጽበት ጣቱ የት እንዳረፈ ያያል፣ መኪናው የት እንደደረሰ ያሰላል፣ ከአጥር መጋጨት አለመጋጨቱን ያጣራል፣ ስዕሉን ይስላል፣ ድምፁን ይልካል። ሳይጨርስ ጊዜው ካለፈበት አሮጌው ስዕል ባለበት ይቆያል። አንዴ ሁለቴ ቢሆን ዓይን አያውቀውም። ከተደጋገመ ጌሙ ይንቀረፈፋል፤ አዲሱ ስዕል ጭራሽ ካልመጣ “ስታክ አደረገ” ወይም “ሃንግ አደረገ” እንላለን።

ይህን ሁሉ ሥራ በተራ በተራ የሚያከናውነው በአብዛኛው አንድ ዋና የሥራ ሰልፍ ነው። የዶርዜን ሸማኔ ያስቡ። እግሩን ጉድጓዱ ውስጥ አድርጎ መወርወሪያውን ከግራ ቀኝ በሚያመላልስበት ጊዜ ጨርቁ ያድጋል። ማግ አልቆበት ራሱ ተነስቶ ፈታይ ቤት ከሄደ ግን እስኪመለስ ድረስ ሽመናው ይቆማል። ሸማኔው ደህና ነው፣ ድሩም አልተበጠሰም፤ የጠፋው ማጉ ነው። ጎበዝ ጌም ሠሪ ፋይል የሚያመጣ፣ ከኔትወርክ ጋር የሚነጋገር ሌላ ሰልፍ ያዘጋጃል፤ ዋናው ከቦታው አይነሳም። ቸኩሎ የተሠራ ጌም ግን ሁሉንም በዋናው ላይ ይጭነዋል።

አንድሮይድ ይህን የሚከታተልበት ደንብ አለው። ስክሪኑ ተነክቶ ጌሙ 5 ሰከንድ ያህል ምላሽ ካልሰጠ “አፑ ምላሽ እየሰጠ አይደለም” የሚል ሳጥን ያወጣል፤ ጠብቅ ወይስ ዝጋ ይላል። ብዙ ሰው ወዲያው ይዘጋዋል። ለምርመራ ግን አንዴ “ጠብቅ” ብሎ ግማሽ ደቂቃ ማየት ብዙ ያስተምራል። ጌሙ ከተመለሰ የሚጠብቀው ነገር ዘገየ እንጂ አልጠፋም፤ ማለትም ዘገምተኛ ካርድ ወይም የተጣበበ ሜሞሪ ይጠረጠራል። ካልተመለሰ የሚጠብቀው ነገር የማይመጣ ነው።

የማይመጣን ነገር መጠበቅ በርካሽ ታብሌት ብቻ የሚደርስ ውርደት አይደለም። የናሳ ማርስ ፓዝፋይንደር እ.ኤ.አ. ሐምሌ 4 ቀን 1997 ማርስ ላይ አረፈች። ጥቂት ቀናት እንደሠራች ኮምፒውተሯ በራሱ እየጠፋ ይነሳ ጀመር። መንስኤው ሲገኝ እንዲህ ነበር፦ የአየር ጠባይ መረጃ የሚሰበስብ ዝቅተኛ ማዕረግ ያለው ሥራ የጋራውን የመረጃ መስመር ቁልፍ ይዟል፤ ከፍተኛ ማዕረግ ያለው ሥራ ያንን ቁልፍ ይጠብቃል፤ መካከለኛ ማዕረግ ያላቸው ሥራዎች ደግሞ እየገቡ ዝቅተኛውን ያስቆሙታል፤ ስለዚህ ቁልፉ አይለቀቅም። የኮምፒውተሩ ዘበኛ ዋናው ሥራ መቅረቱን ሲያይ ሁሉንም አጥፍቶ ያስነሳል። መሐንዲሶቹ ማርስ ድረስ ሄደው ሊነካኩት አይችሉም፤ ምድር ላይ ባለው መንትያዋ ላይ ያው ብልሽት እስኪደገም ድረስ ሞከሩ፣ ያዙት፣ አነስተኛ ማስተካከያ በሬዲዮ ላኩላት። ከዚህ የምንወስደው ልማድ፦ ብልሽቱን በፈቃድዎ መድገም ካልቻሉ መጠገንዎን ማረጋገጥ አይችሉም።

የቆመው ማን ነው?

ጌሙ ቀጥ ሲል መጀመሪያ መለየት ያለበት የቆመው ጌሙ፣ ታብሌቱ፣ ወይስ የስክሪኑ መንካት መሆኑን ነው። የድምፅ ቁልፉን ይጫኑ፤ ከላይ ያለውን ሰዓት ይመልከቱ፤ ወደ ሆም ለመውጣት ይሞክሩ።

ጌሙ ቆሞ ሆም የሚሠራ ከሆነ ጉዳዩ የጌሙ ብቻ ነው፤ ሴቲንግ ገብቶ በፎርስ ስቶፕ መዝጋት ይበቃል። ሙዚቃው እየሄደ፣ መኪናውም እየተጓዘ ጣት ብቻ ካልተሰማ፣ ጌሙ ጤነኛ ነው፤ ምርመራው ወደ ስክሪኑና ወደ ቻርጀሩ ይዞራል። ድምፁ አንዷን ቁራጭ እየደጋገመ፣ የድምፅ ቁልፉም ምንም ካላመጣ፣ የቆመው ታብሌቱ ራሱ ነው። ያኔ ባትሪው እስኪያልቅ መጠበቅ አያስፈልግም፤ በብዙ አንድሮይድ ታብሌቶች የማብሪያውን ቁልፍ ከድምፅ መቀነሻው ጋር ከ10 እስከ 20 ሰከንድ አጥብቆ መያዝ ያስነሳዋል። ሆም ቁልፍ ያለው አይፓድ ከሆነ ሆሙንና የላይኛውን ቁልፍ አብሮ መያዝ ነው፤ ሆም የሌለው ከሆነ አንዱን የድምፅ ቁልፍ፣ ቀጥሎ ሌላውን ነካ አድርጎ፣ ከዚያ የላይኛውን አጥብቆ መያዝ።

ከዚህ በኋላ ሦስት ጥያቄዎች ይቀራሉ። ሁልጊዜ አንድ ቦታ ላይ ነው የሚቆመው? ሁልጊዜ ተመሳሳይ ጊዜ ያህል ከሄደ በኋላ ነው? ወይስ አንድ ነገር ሲሰካ ወይም ሲከፈት ብቻ ነው? ሁልጊዜ ሰባተኛው ደረጃ ላይ የሚቆም ጌም የተበላሸ ወይም የጎደለ ፋይል አለው፤ ሰባተኛው ደረጃ ላይ ሙቀት የተለየ አይሆንም። ሁልጊዜ ከሩብ ሰዓት በኋላ የሚቆም ጌም እየተጠራቀመ ያለ ነገር አለው፤ ሙቀት ወይም ሜሞሪ። ቻርጀር፣ ካርድ ወይም ዳታ ሲገባ ብቻ የሚቆም ከሆነ ተጠርጣሪው ራሱ እጁን ሰጥቷል።

ከሩብ ሰዓት በኋላ

የብዙ ታብሌቶች ፕሮሰሰር ማራገቢያ የለውም። የሚያመነጨው ሙቀት በጀርባው በኩል ወደ አየር መውጣት አለበት። ሙቀቱ ከመጠን ሲያልፍ ፕሮሰሰሩ ራሱን ላለማቃጠል ፍጥነቱን ይቀንሳል። ጌሙ የሚፈልገው ሥራ ግን አልቀነሰም፤ በ17 ሚሊ ሰከንድ ያልቅ የነበረው አሁን 40 ይፈጃል። ልጁ የሚያየው መንቀርፈፉን ነው።

አፕል አይፓዱ የሚሠራበትን የአካባቢ ሙቀት ከ0 እስከ 35 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ብሎ ወስኗል። አርባ ምንጭ ከሰዓት በኋላ 30ን ማለፍ ብርቋ አይደለም። በዚህ ላይ ወፍራም የጎማ ከቨር፣ የመስኮት ፀሐይና የተሰካ ቻርጀር ሲደመሩ ልኩ ያልፋል። በየ1,000 ሜትር ከፍታ አየሩ በአማካይ 6.5 ዲግሪ ያህል እንደሚቀዘቅዝ ብናስብ፣ ጨንቻ ከአርባ ምንጭ ወደ 9 ዲግሪ ገደማ ትበርዳለች። የልጁ ጌም ደጋ ወጥቶ “የዳነው” በዚህ ነው። እርግጥ ጨንቻ ላይ አየሩ ከባሕር ወለል ሩብ ያህል የሳሳ በመሆኑ ሙቀት የማንሳት አቅሙ ትንሽ ይቀንሳል፤ ቅዝቃዜው ግን ከዚያ የበለጠ ይክሳል። የከፍታ ልክም አለ፤ አፕል አይፓዱን የሞከረው እስከ 3,000 ሜትር ነው። የጨንቻ ከተማ ከዚያ በታች ናት፤ 4,200 ሜትር ገደማ የሚደርሰው የጉጌ ተራራ ጫፍ ግን ከልኩ ውጭ ነው።

ሙቀትን ለመፈተን ደጋ መውጣት አያሻም። ከቨሩን አውልቀው፣ ቻርጀሩን ነቅለው፣ ጥላ ውስጥ ጠንካራ ጠረጴዛ ላይ አስቀምጠው ያንኑ ጌም ያጫውቱ። አልጋ ላይ፣ በጋቢ ተጠቅልሎ የሚጫወት ልጅ ታብሌቱንም አብሮ ይጠቀልለዋል። ቀዝቃዛ ቦታ ላይ ጊዜው ከረዘመ ጥፋተኛው ተገኝቷል። የጌሙን የግራፊክስ ደረጃ ዝቅ ማድረግና ብርሃኑን መቀነስም ሙቀቱን ይቀንሰዋል። ፍሪጅ ውስጥ ማስገባት ግን አይደረግም፤ ውስጡ ጤዛ ይይዛል።

ቀዝቃዛ ቦታም ላይ በዚያው ሰዓት የሚቋረጥ ከሆነ ራሙን፣ ማለትም የሥራ ጊዜውን ሜሞሪ፣ ይጠርጥሩ። 1 ወይም 2 ጊጋባይት ራም ባለው ታብሌት ላይ ሲስተሙ ራሱ ትልቁን ድርሻ ይወስዳል። የቀረው ሲጣበብ አንድሮይድ ከበስተጀርባ የቆሙትን አፖች እየገደለ ቦታ ይለቅቃል፤ አልበቃ ሲለው የሚጫወቱበትን ጌም ራሱን ይዘጋዋል። ይህ ሲሆን ጌሙ ቀጥ አይልም፤ ድንገት ብድግ ብሎ ይወጣል። መንቀርፈፍ ሙቀትን፣ ድንገት መውጣት የራም ጥበትን ያመላክታል፤ ሁለቱን ለይቶ ማየት ብዙ ድካም ያድናል። መፈተኛው ቀላል ነው፦ ታብሌቱን አጥፍቶ አስነስቶ፣ ቴሌግራምም ዩቲዩብም ሳይከፍቱ፣ ጌሙን ብቻ መክፈት። “ራም ያጸዳሉ” የሚባሉትን አፖች ግን አይጫኑ፤ እነሱም ራም ይበላሉ፣ የገደሉት አፕም ወዲያው ተነስቶ ሥራውን እንደ አዲስ ይጀምራል።

ሲሞላ የሚደክም ሜሞሪ

ፋይል የሚቀመጥበት የታብሌት ውስጥ ሜሞሪ ፍላሽ ነው። ፍላሽ አዲስ ነገር ከመጻፉ በፊት አሮጌውን መፋቅ አለበት፤ የሚፍቀው ደግሞ በትልልቅ ክፍል ነው። ባዶ ክፍል እያለ ሥራው ፈጣን ነው። ሜሞሪው ሊሞላ ሲቃረብ ግን ትንሽ ለመጻፍ ብዙ ማንሳት፣ ማዛወርና መፋቅ ይመጣል፤ ጌሙም ያንን ይጠብቃል።

ይህን ዓለም ያየው በኔክሰስ 7 ነው። ጉግል አሱስ የሠራለትን ይህን ታብሌት እ.ኤ.አ. በ2012 አወጣ፤ ርካሽና ፈጣን ተብሎ ተወደደ። ወራት ሲቆጠሩ ግን ብዙ ባለቤቶች ታብሌቱ ከበደን አሉ፤ በተለይ ሜሞሪው የሞላባቸው። ከምክንያቶቹ አንዱ፣ የተሰረዘ ፋይል የያዘው ቦታ ነፃ መሆኑን ሲስተሙ ለፍላሹ አለመንገሩ ነበር፤ ፍላሹ የሞተን ፋይል እንደ ሕያው ተሸክሞ ይኖራል። እ.ኤ.አ. በሐምሌ 2013 የወጣው አንድሮይድ 4.3 ይህን የሚያጸዳ ሥራ ጨመረ፤ ሥራው የሚካሄደው ታብሌቱ ሥራ ፈትቶ በቂ ባትሪ ሲኖረው ወይም ቻርጅ ላይ ሲሆን ነው። ባትሪው እስኪነጥፍ ተጫውቶበት ጠፍቶ የሚያድር ታብሌት ለዚህ ጽዳት ጊዜ አያገኝም። አልፎ አልፎ ሳይጠፋ ቻርጅ ላይ ይደር።

ስለዚህ ከሜሞሪው አንድ አሥረኛው ያህል ሁልጊዜ ባዶ ይሁን። ቦታ ሲያስለቅቁ ክሊር ካሽ እና ክሊር ዳታ አንድ አይደሉም። የመጀመሪያው ጌሙ መልሶ ሊያመጣው የሚችለውን ጊዜያዊ ፋይል ያጠፋል፤ ጉዳት የለውም። ሁለተኛው ልጁ የደረሰበትን ደረጃ ሁሉ ይጠርጋል። ኔትወርክ ላይ ካልተቀመጠለት በስተቀር ስድሳኛው ደረጃ የደረሰ ልጅ ወደ አንድ ይመለሳል፤ ለቅሶው ደግሞ ከብልሽቱ ይብሳል።

ሜሞሪ ካርድ የራሱ ጉድ አለው። ካርዱ ላይ የሚጻፈው የፍጥነት ቁጥር ብዙውን ጊዜ ቪዲዮ ለመቅረጽ የሚበጀውን ነው፤ ጌም የሚፈልገው ብዙ ትናንሽ ፋይሎችን ከየቦታው ቶሎ ማንሳትን ነው። ለዚህ የወጣው “ኤ1” የሚለው ምልክት በሰከንድ ቢያንስ 1,500 ጊዜ ማንበብና 500 ጊዜ መጻፍ የሚችል ካርድን ያመለክታል። ምልክቱ የሌለው ካርድ ለዘፈንና ለፎቶ ይበቃል፤ ለጌም ግን ሸማኔውን ደጋግሞ ያስነሳዋል። አስመሳይ ካርድም ገበያ ውስጥ አለ፤ 128 ጊጋባይት ተብሎ የተጻፈበት ውስጡ 8 ሆኖ ይገኛል። እስከ 8 ደህና ይሠራል፤ ከዚያ በኋላ የሚጻፈው ወይ ይጠፋል ወይ የቀደመውን ይደመስሳል። ምልክቱ፣ ትናንት የሠራ ጌም ዛሬ አዲስ ፎቶ ከተነሳ በኋላ አልከፈት ማለቱ ነው። ካርዱን አውጥተው ጌሙን በውስጥ ሜሞሪ ይሞክሩ፤ መልሱ በደቂቃዎች ውስጥ ይመጣል።

ቻርጀሩ ሲሰካ

አሁን የልጁን ሁለተኛ ጣጣ እንመልከት። አያቱ ቤት ቻርጀር ሲሰካ ጣትና መኪና አልገናኝ አሉ። አጎት ታብሌቱን ይዞ ወደ ሞባይል ጥገና ሱቅ ሄደ እንበል፤ ጠጋኙም በሙያው የበሰለ ይሁን።

“ጋሼ፣ አርባ ምንጭ ሳለ ስታክ ያደርግ ነበር፣ አሁን ደግሞ ታቹ አበደ።”

“መቼ ነው የሚያብደው?”

“ሁልጊዜ።”

“ሁልጊዜ አይባልም፣ ወንድሜ። አሁን እያየነው አላበደም። ቤት ምን ስታደርጉት ነው?”

“ያው… ቻርጅ ላይ ሆኖ ሲጫወት።”

“በል እንግዲህ፣ ቻርጀሩን አምጣውና እዚሁ እንሰካው።”

ጠጋኙ ሰካው፤ ብልሽቱ መጣ። ነቀለው፤ ሄደ። የራሱን ቻርጀር ሰካ፤ አልመጣም። ታብሌቱን አልከፈተም፣ ጌሙን አላጠፋም።

የተከሰተው እንዲህ ነው። ስክሪኑ ጣትን የሚያውቀው በጉልበት ሳይሆን በጣም ጥቃቅን የኤሌክትሪክ ቻርጅ ለውጥ በመለካት ነው። ደህና ቻርጀር ከ220 ቮልት የሚቀንሰውን ኃይል አጣርቶ ያወጣል። ማጣሪያው የተቆጠበበት ርካሽ ቻርጀር ግን ሁካታ ያለበት ኤሌክትሪክ ይልካል፤ ሁካታው የጣትን ደካማ ምልክት ያጥለቀልቀዋል። ያኔ ስክሪኑ ወይ ያልተነካ ቦታ እንደተነካ ይቆጥራል፣ ወይ ጭራሽ አይሰማም። ጌሙ የማይመጣ የጣት ምልክት እየጠበቀ ቆሟል።

ውኃም እንዲሁ ያሳስታል። ጨንቻ ጭጋግና ካፊያ አታጣም፤ ስክሪኑ ላይ ያረፈ ጠብታ ለታብሌቱ ጣት ይመስለዋል። በደረቅ ጨርቅ መጥረግ ጥገና ባይመስልም አንዳንዴ ሙሉው ጥገና እሱ ነው።

ከውጭ የሚጠበቅ መልስ

ብዙ ነፃ ጌሞች ከእያንዳንዱ ደረጃ በኋላ ማስታወቂያ ያመጣሉ። ዳታው ተከፍቶ ኔትወርኩ ደካማ ሲሆን ጌሙ ማስታወቂያው ሊመጣ ነው ብሎ ይጠብቃል፤ ጭራሽ ኔትወርክ ባይኖር ኖሮ ተስፋ ቆርጦ ያልፈው ነበር። ስለዚህ ከሁሉ የከፋው የኔትወርክ ሁኔታ አንድ እንጨት እያሳየ የሚንፈራገጠው ነው። ኤርፕሌን ሞድ ላይ አድርገው ይሞክሩ። ያለ ኔትወርክ የሚሠራ ጌም ከሆነና መቆሙን ካቆመ፣ ሲጠብቅ የኖረው ማስታወቂያውን ነው።

ሌላው ምክንያት የእኛው አገር ነው። ታብሌቱ ሲጠፋ ሲነሳ አንዳንዴ ቀኑ ይዛባል፤ ባለቤቱም በእጁ ያስተካክለዋል። ግድግዳ ላይ ያለውን ካላንደር አይቶ በኢትዮጵያ ዘመን አቆጣጠር ይሞላዋል። ለታብሌቱ ግን ያ ቁጥር የጎርጎርዮስ ዘመን ነው፤ ሰባት ወይም ስምንት ዓመት ወደ ኋላ ተመልሷል ማለት ነው። ጌሙ ከሰርቨሩ ጋር ሲገናኝ ሰርቨሩ የዲጂታል የምስክር ወረቀቱን ያሳያል። ወረቀቱ “ከዚህ ቀን ጀምሮ የጸና” ይላል፤ በታብሌቱ ሰዓት ያ ቀን ገና አልደረሰም። ታብሌቱ አላምንም ይላል፣ ጌሙ “ሎዲንግ” እያለ ይዞራል። ኔትወርኩ ሙሉ፣ ዳታው የተከፈለበት፣ ጌሙ ጤነኛ ሆኖ ምንም አይሠራም። መድኃኒቱ በሴቲንግ ውስጥ ቀንና ሰዓት በራሱ እንዲሞላ ማድረግ ነው። የኢትዮጵያን ቀን ማየት የሚፈልግ የካላንደር አፕ ይጫን፤ የሲስተሙን ሰዓት ግን አይንካው።

አንዳንዴ ደግሞ ጥፋቱ ከእርስዎም ከጌሙም አይደለም። እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2021 በዓለም ዙሪያ በርካታ የአንድሮይድ አፖች በተከፈቱ ቁጥር ይዘጉ ጀመር። መንስኤው ድረ ገጽን በአፕ ውስጥ የሚያሳየው “ዌብቪው” የተባለው የጉግል ክፍል የተበላሸ ማሻሻያ ማግኘቱ ነበር፤ ጉግል አዲስ ማሻሻያ ለቆ አስተካከለው። በአንድ ቀን ብዙ አፖች አብረው ከታመሙ፣ ታብሌቱን ከማራገፍ በፊት ጎረቤትም እንዲሁ እንደሆነ መጠየቅ ብልህነት ነው።

ከሰው የተላከ ጌም

ዳታ ውድ በሆነበት አገር ጌም ከስልክ ወደ ስልክ በዜንደር አፕ መላላክ የተለመደ ነው። እዚህ ላይ ብዙ ሰው ያላወቀው ለውጥ አለ። ከነሐሴ 2021 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ጉግል ፕሌይ አዳዲስ አፖችን የሚቀበለው በጥቅል መልክ ነው፤ ከጥቅሉ ለእያንዳንዱ ስልክ የሚስማሙት ቁርጥራጮች ብቻ ተመርጠው ይላካሉ። ጓደኛ ከስልኩ አውጥቶ የሚልከው ዋናውን ቁራጭ ብቻ ከሆነ ሌሎቹ ይጎድላሉ። ሁሉም ቁራጭ ቢመጣ እንኳ የተመረጠው ለእሱ ስልክ ፕሮሰሰርና ስክሪን ነው። እንዲህ ያለው ጌም ወይ አይከፈትም፣ ወይ ሁልጊዜ አንድ ቦታ ላይ ይቆማል። ዋይፋይ በተገኘበት ቀን ከፕሌይ ስቶር በቀጥታ መጫን ነው መፍትሔው። ሳንቲምና ሕይወት “ያልተገደበ” ተብለው የሚዞሩ የተነካኩ ጌሞች ደግሞ ከመቆም የባሰ ይዘው ሊመጡ ይችላሉ።

ሌላ አፕ ጣልቃ መግባቱን ለመለየት ሴፍ ሞድ አለ። በብዙ ታብሌቶች የማጥፊያው ምልክት ሲመጣ አጥብቆ መያዝ ይበቃል፤ ታብሌቱ ከውጭ የተጫነውን ሁሉ አሳርፎ ይነሳል። ጌሙም አብሮ ስለሚያርፍ እዚያ አይጫወቱም፤ ታብሌቱ ግን በዚያ ሁኔታ ቀልጣፋ ከሆነ፣ ያደከመው ከተጫኑት አፖች አንዱ ነው። በቅርብ ከተጫነው ጀምሮ አንድ በአንድ ማንሳት ነው።

አንድ ነገር ብቻ ይቀይሩ

የዚህ ሁሉ ሕግ አጭር ነው፦ በአንድ ጊዜ አንድ ነገር ብቻ ይቀይሩ፣ ከዚያ ያንኑ ጌም በዚያው ቦታ ይሞክሩ። አባት ጌሙን እንደገና ጭነው፣ በዚያው ካርዱን አውጥተው፣ በዚያው ቻርጀሩን ቢቀይሩና ጌሙ ቢሠራ፣ ታብሌቱ ድኗል፤ ዕውቀቱ ግን የለም። በሚቀጥለው ጊዜ ሦስቱንም እንደገና መድከም ይኖራል። ፋብሪካ ሪሴት የሚጠላውም በዚህ ነው፤ ሁሉን ነገር በአንዴ ይቀይራል፣ ሁሉን ነገር ያጠፋል፣ ችግሩ ቻርጀሩ ከሆነ ደግሞ ምንም አያስተካክልም።

ቅደም ተከተሉ ከርካሹ ወደ ውዱ ይሂድ። ማጥፋትና ማስነሳት፣ ቻርጀር መንቀል፣ ስክሪን መጥረግ፣ ኤርፕሌን ሞድ፣ ቀኑን ማየት፤ እነዚህ ምንም አያስወጡም፣ ምንም አያጠፉም። ቀጥሎ ቦታ ማስለቀቅ፣ ካርድ ማውጣት፣ ካሽ ማጽዳት። ከዚያ ጌሙን ነቅሎ መጫን፤ የልጁ ደረጃ በአካውንቱ መቀመጡ ከተረጋገጠ በኋላ። ሪሴት መጨረሻ ነው። ከዚህ ሰልፍ ውጭ አንድ ነገር ብቻ አለ፦ የታብሌቱ ጀርባ ካበጠ ወይም ስክሪኑ ከጠርዙ ከተነሳ ባትሪው አብጧል። ምርመራው እዚያው ይቁም፤ ታብሌቱ አይሰካ፣ አይጫን፣ በቀጥታ ወደ ጠጋኝ ይሂድ።

በዚህ ሥራ ልጁን አይናቁት። “ላፕቶፕ ለእያንዳንዱ ልጅ” የተባለው ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2012 ሞቶሮላ ዙም ታብሌቶችን ወደ ሁለት የኢትዮጵያ መንደሮች ወስዶ ነበር፤ አንዱ ከፍተኛ ደጋ ላይ ያለው ወንጪ፣ ሌላው ስምጥ ሸለቆ ውስጥ ያለው ወለንጪቲ። ታብሌቶቹ በሶላር ቻርጅ ይደረጉ ነበር፤ አንድ ባለሙያ በየሳምንቱ እየሄደ ሜሞሪ ካርዶቹን ይቀይራል፣ ልጆቹ ምን እንደከፈቱ የሚያሳየውን መዝገብ ይወስዳል። ማንበብ ያልተማሩት እነዚህ ልጆች፣ የድርጅቱ መሥራች ኒኮላስ ኔግሮፖንቴ በዚያው ዓመት እንደተናገረው፣ በአምስት ወር ውስጥ ተዘግቶ የተላከውን ካሜራ ራሳቸው ከፈቱት። ልጅ የማይፈራው ነገር አለ፤ ይነካካል፣ ያያል፣ ይደግማል። የሚጎድለው በየሳምንቱ የሚሄደው ባለሙያ የያዘው ነገር ነው፤ መዝገብ። ደብተር ይስጡትና “መቼ ቆመ? የት ደረጃ ላይ? ተሰክቶ ነበር ወይ? ግሎ ነበር ወይ?” ብሎ እንዲጽፍ ያድርጉት። አራት አምስት መስመር ሲሞላ ጥፋተኛው ብዙውን ጊዜ ከገጹ ላይ ይነበባል።

አንዳንዱ መዝገብ ደስ የማይል መልስ ይሰጣል። ቻርጀሩ ደህና፣ ካርዱ ደህና፣ ቀኑ ትክክል፣ አየሩ ቀዝቃዛ ሆኖ ጌሙ አሁንም ከቆመ፣ ጌሙ የሚጠብቀው ይህ ታብሌት የሌለውን አቅም ነው። የዛሬ ስምንት ዓመት የተሠራ ባለ 1 ጊጋባይት ታብሌት ዘንድሮ የወጣን ከባድ ጌም በምንም ጽዳት አይሸከምም። ያኔ ለልጁ እውነቱን ነግሮ ቀለል ያለ ጌም አብሮ መምረጥ ይሻላል፤ የአገራችን ቅኔ ጌምስ የሠራቸውን ዶሮዋ የምትሮጥበትን ኩኩሉንና ገበጣን ከመሞከር መጀመር ይቻላል። የከባዱ ጌም ጉዳይ ከዚህ በኋላ የጥገና ሳይሆን የግዢ ጥያቄ ነው፤ ታብሌት ሲገዛ ምን እንደሚታይም የሚቀጥለው ምዕራፍ ያነሳዋል።